የታደለችን ፀጉር የቆረጥኩት እኔ ነኝ

«እማዬ፣ ከኋላ አበላልጠውብኛል፤ እስቲ አስተካክይልኝ» ብላ ልጄ ቤቲ መቀሱን ስታቀብለኝ ይዤው ቆምኩ። ጀርባዋን ሰጥታኝ በርጩማ ላይ ተቀምጣለች። እስከ ወገቧ ይወርድ የነበረው ፀጉር የለም፤ አንገቷ ባዶውን ቀርቷል። ዩኒቨርሲቲ ጨርሳ ሁለት ዓመት ሥራ ስትፈልግ ከርማ፣ አሁን አዲስ አበባ በሚሠራ ፊልም ውስጥ ደህና ቦታ አግኝታለች። ፀጉሯን ያስቆረጧትም የፊልሙ ሰዎች ናቸው። አባቷ ከመጋረጃው ወዲያ ተኝቷል። ስኳር ከያዘው ቆይቷል፣ ዘንድሮ ግን እግሩ አላስነሣው ብሏል።

«አባትሽ በሕይወት እያለ እንዲህ ታደርጊያለሽ?» አልኳት። ድምፄ ለራሴም አስፈራኝ።

«እማዬ ደግሞ! ፀጉር አይደል እንዴ? ይበቅላል።»

መቀሱን አስቀምጬ ወደ ጓሮ ወጣሁና ሽፈራው ዛፉ ሥር ቆምኩ። ይበቅላል። ከሠላሳ ምናምን ዓመት በፊት ታደለችም ይህችኑ ቃል ነበር ያለችኝ፤ ያኔም መቀሱ በእኔ እጅ ነበር። ለባሌ አልነገርኩትም። ለንስሐ አባቴ እንኳ ሌላውን ሁሉ ስዘረዝር ይህችን እየዘለልኩ ነው የኖርኩት። እንግዲህ ልጻፈው። አራተኛ ክፍል የደረሰ ሰው የራሱን ጥፋት ለመጻፍ አያንሰውም።

ያኔ ሰፈራችን ሲቀላ እንዲህ አልነበረችም። ባጃጅ የሚባል አልመጣም። ወደ ላይኛው ከተማ፣ ወደ ሴቻ፣ ሽቅብ የምንወጣው በእግራችን ነበር፣ ሸራ ጫማችን እንዳያልቅ በእጃችን ይዘን። በስሙኒ የገዛነውን ሙዝ ሦስት ሆነን አንጨርሰውም። የጫሞ ሐይቅ ዓሣ በብስክሌት ኋላ ታስሮ፣ ጅራቱ አቧራውን እየጠረገ ይመጣ ነበር። አውቶቡስ ተራው ጥግ አንድ ሻይ ቤት ነበር፤ ባለቤቱ ሬዲዮኑን በሩ ላይ ይሰቅለዋል፣ እኛ ደግሞ ውኃ ቀድተን ስንመለስ እንስራችንን እንዳዘልን ዘፈኑ እስኪያልቅ እንቆማለን። ወገባችን ይቆረጥ ነበር፣ ግን ማን ዘፈን ከመሐል ትቶ ይሄዳል? ጥጥ እርሻ የሚሠሩት ሴቶች በደመወዝ ቀን አረንጓዴና ብርቱካን መልክ ያለው ናይለን ሻሽ ገዝተው በገበያው መሐል ሲያልፉ፣ ዓለም ሁሉ የእነሱ ትመስለኝ ነበር። ጊዜው ሰው ድምፁን ዝቅ አድርጎ የሚያወራበት ጊዜ ነበር። ስለ እሱ የተማረ ይጻፍ፤ እኔ የማስታውሰው ሻሹን ነው።

ታደለች ጎረቤቴ ነበረች። አባቷ ጋሽ ሻንካ ከተራራው መንደር ከኦቾሎ የወረደ ሸማኔ ነው። እናቷ የሞተችው በልጅነቷ ነው፤ ከአባቷ በቀር ሰው አልነበራትም። የጋሽ ሻንካ የሽመና ጉድጓድ ማንጎው ሥር ነበር፤ እግሩን ጉድጓዱ ውስጥ አስገብቶ መወርወሪያውን ሲልክ ሲቀበል፣ እኛ ልቃቂት እየጠቀለልን ወሬ እናወራለን። ወሬያችን ደግሞ አንድ ብቻ ሆኖ ነበር፦ የቅዳሜው ፊልም።

ለውኃ ሥራ የመጣ አንድ ሽማግሌ ፈረንሳዊ ነበር፤ ከተማው ሙሴ ሬኔ ይለዋል። ሴቻ የተከራየው ግቢ ውስጥ ቅዳሜ ቅዳሜ ሲመሻሽ ፊልም ያሳያል፣ በነጻ። ለፊልሙ መጋረጃ የሚሆነውን ነጭ ሸማ የሠራለት ጋሽ ሻንካ ነው፤ አምስት ሸማ ሠርቶ ጎን ለጎን ሰፋቸው። ስፌቱ ስለሚታይ የሰው ፊት በመጣ ቁጥር ከግንባር እስከ አገጭ መስመር ነበረው። ጋሽ ሻንካ ፊት ለፊት ይቀመጥና «ፊልሙን እናንተ እዩ፤ እኔ ሸማዬን ነው የማየው» ይላል። ፈረንሳይኛ የሚያውቅ አንድ አስተማሪ ቆሞ ወደ አማርኛ ይመልሳል፤ አማርኛ የሚሰሙት ደግሞ ለእናቶቻቸው በጋሞኛ ይመልሳሉ። ስለዚህ ሣቅ በሦስት ዙር ነበር የሚመጣው፦ መጀመሪያ ሙሴ ሬኔ ብቻውን፣ ቀጥሎ እኛ፣ በመጨረሻ አሮጊቶቹ። አሮጊቶቹ ሲስቁ ፊልሙ ወደ ለቅሶ ተሻግሮ ስለሚገኝ፣ እንደገና እንሥቅ ነበር።

ፊልሞቹ ሁሉ የአንዲት ሴት ነበሩ። ስሟ ሶላንዥ ነው። ሙሴ ሬኔ ሌላ ፊልም አልነበረውም፣ ያሉትንም በተራቸው አያሳይም፤ እጁ የገባውን ነው። መጀመሪያ ያየናት አሮጊት ሆና በመስኮት ስታይ ነው። በሚቀጥለው ቅዳሜ የአሥራ ስምንት ዓመት ልጅ ሆና መጣች። በሦስተኛው ሞተች፣ በአራተኛው ሙሽራ ሆነች። ታደለች «ይቺስ ታድላለች፤ እኛ አንዴ ነው የምናረጀው» ትል ነበር። ሙሴ ሬኔ ፊልሙን እስኪጠቀልል የሴትዮዋን ነገር ያወራል፣ አስተማሪው ይመልሳል። የልብስ አጣቢ ልጅ ናት። የዓለም ጦርነቱ ባለቀ ጊዜ በአገራቸው ዳቦ በሰልፍ ነበር። የመጀመሪያ ሥራዋ ጃንጥላ ይዛ መንገድ መሻገር ብቻ ነው፤ አትናገርም፣ ፊቷም አይታይም። ለዚያ አንድ ቀን ሙሉ በዝናብ ተሻገረች። በሁለተኛው ፊልም ሦስት ቃል ሰጧት። በሦስተኛው ግን ዓለም አወቃት። ያም ፀጉሯ የተላጨበት ፊልም ነው።

ያን ፊልም ያየነው አንድ ጊዜ ነው። ሶላንዥ የጠላት ወታደር የወደደች ልጅ ሆናለች። ጦርነቱ ሲያልቅ የመንደሩ ሰው ጎትቶ አደባባይ አወጣትና ወንበር ላይ አስቀምጦ ፀጉሯን ቆረጠው። ሰዉ ይስቃል፣ ይተፋባታል። እሷ ግን አታለቅስም፤ ልክ ወደ እኛ ነው የምታየው። በዚያች ቅጽበት ከኋላችን አንዲት እናት «ማን ሞተባት?» አለች በጋሞኛ። ሌላዋ «ወላጇ ይሆናላ» አለች። በእኛ ዘንድ ሴት ፀጉሯን የምትቆርጠው ሰው ሲሞትባት ነው፤ ሌላ ምክንያት አናውቅም። አስተማሪው «ኧረ አይደለም፣ እያዋረዷት ነው» ቢል ማን ሰምቶት? አሮጊቶቹ ተነሥተው ደረታቸውን ይዘው ያለቅሱላት ጀመር። በፊልሙ ውስጥ ሰው ይስቃል፣ በግቢው ውስጥ ሰው ያለቅሳል። ሙሴ ሬኔ የፊልም ማሳያውን አቆመው። ዓይኑ ቀልቷል። በወጣትነቱ ያ ትዕይንት ሲነሣ መብራት ይዞ የቆመው እሱ ነበር። ሶላንዥ የሰው ፀጉር አላደርግም፣ የራሴን ቁረጡት ስላለች፣ ድጋሚ የሌለው ስለሆነ ሁሉም ትንፋሹን ይዞ ነበር አለ። በአገሩ ያን ፊልም ሰው አጨበጨበለት፣ ከዚያም የከተማው ሴት ሁሉ ፀጉሯን እንደ እሷ ተቆረጠች። «ቁጭ ብሎ ያለቀሰላት ግን እስከ ዛሬ አልነበረም» አለ።

አንድ ነገር ጨመረ። በፊልሙ ላይ ከተፉባት ሴቶች አንዷ፣ የቀን ተከፋይ ናት፣ ሥራው ሲያልቅ ሶላንዥ ቤት ድረስ ሄዳ ይቅርታ ለመነቻት። የውሸት መሆኑን እያወቀች። ይህንን በጆሮዬ ሰምቻለሁ። አልሰማሁም እንዳልል ሰምቻለሁ።

በማግሥቱ ታደለች መቀስ ይዛ መጣች። አባቷ ክር የሚቆርጥበት መቀስ ነው። «እንደ ሶላንዥ አድርጊኝ።»

«አብደሻል? ጋሽ ሻንካ በሕይወት እያለ?»

«እናቴ ስትሞት ለሞት ተላጭቻለሁ። አሁን ለራሴ ልቆረጥ። ደግሞ ይበቅላል፣ አልማዝ። ምን ያስፈራሻል?»

ፊት ፊቱን በመስታወት እያየች ራሷ ቆረጠችው። ከኋላ ግን አልደርስ አላት፤ እኔ ቆረጥኩት። እውነቱን ልናገር፣ ደስ እያለኝ ነው የቆረጥኩት። ፀጉሯ ከእኔ ፀጉር ያምር ነበር። ስንጨርስ አንገቷን ቀና አድርጋ በማንጎው ሥር ጃንጥላ የያዘች መስላ ሄዳ ተመለሰች። በሳቅ ሞትን። ጋሽ ሻንካ ሲያያት መወርወሪያው ከእጁ ወደቀ፤ ቀጥሎ እሱም ሣቀ። «በይ እንግዲህ፣ በሸማዬ ላይ የምናይሽ መቼ ነው?» አላት።

በሁለተኛው ሳምንት ጋሽ ሻንካን ወባ ያዘው። በሽታው በየቤቱ የገባበት ወር ነበር። ከጤና ጣቢያ ኪኒን ተሰጠው፤ ትኩሳቱ ግን ሄደ ሲሉት ይመለሳል። ዘመዶቹ በቃሬዛ ኦቾሎ አወጡት፣ እኛም ተከትለን ወጣን። እዚያ እህቱ የታደለችን ራስ ስታይ ጮኸች። «ለአባቷ በቁሙ ያለቀሰችለት ልጅ!» በእኛ አገር ጎሜ የሚባል ነገር አለ። የማይደረገውን ማድረግ ነው። ሰው ፊት ወጥተው ካልተናገሩት አይለቅም፤ በአድራጊው ባይሆን በልጁ ይወጣል። ሽማግሌዎች ተሰበሰቡ። የጋሽ ሻንካ ታናሽ ወንድም ጋሽ ዳልኬ የዕርቅ ምልክት የሆነውን እርጥብ ሣር በእጁ ይዞ በገር ድምፅ ጠየቃት። «ይህንን ብቻሽን አደረግሽ?»

ታደለች አቀርቅራ መሬት መሬቱን አየች።

«ሰው የራሱን ማጅራት አያይም፤ ከኋላ ያስተካከለልሽ ማነው? ይናገር። ማንም አይነካውም።»

ከሴቶቹ መሐል ተቀምጫለሁ። ታደለች ቀና ብላ አየችኝ። ረጅም ጊዜ አየችኝ። እኔ ዓይኔን ወደ ታች፣ ወደ አባያ ውኃ አዞርኩ፤ ከዚያ ከፍታ ላይ ቀይ ሆኖ ይታያል። ጋሽ ዳልኬ ለሁለተኛ ጊዜ ጠየቀ። ለሦስተኛ ጊዜ ጠየቀ። ሣሩ በእጁ ውስጥ ጠወለገ። በመጨረሻ ታደለች «ብቻዬን ነኝ» አለች።

ጋሽ ሻንካ በአራተኛው ቀን ዐረፈ። ሴቶቹ ክብ ሠርተው ሙሾ ሲያወጡ ታደለች ልትገባ መጣች፤ አክስቷ በደረቷ ገፋቻት። «አንቺ አልቅሰሽለታል። በቁሙ አልቅሰሽለታል። አሁን የእኛ ተራ ነው።» የልጅነቷን እንዳታደርግለት የምትቆርጠው ፀጉር እንኳ አልነበራትም። እንሰቱ ጥግ ሄዳ ቆመች። እኔ ክቡ ውስጥ ነበርኩ። ፀጉሬን ተቆረጥኩ፣ ደረቴን መታሁ፣ ድምፄ እስኪዘጋ አለቀስኩ። «እንደ ልጁ ሆነችለት» አሉኝ ሴቶቹ። ውዳሴውን ተቀበልኩ። ይህቺ ናት ከሁሉ የምታሳፍረኝ።

ወር ሳይሞላ ታደለች በጥጥ ጭነት መኪና አዲስ አበባ ሄደች። እኔ ጋ አልመጣችም። ሙሴ ሬኔም ሥራው አልቆ ሄደ፤ ሸማውን ይዞት ይሂድ፣ ትቶት ይሂድ፣ አላውቅም። እኔ አገባሁ፣ ወለድኩ፣ ሲቀላ ገበያ ዳጣና ቅቤ እየሸጥኩ ልጆች አሳደግኩ። ቴሌቪዥን ቤታችን ከገባ ወዲህ ድራማ በመጣ ቁጥር ዋናዎቹን አላይም። ከኋላ መንገድ የሚሻገሩትን ሴቶች ነው የማየው፣ ምናልባት ብዬ። አንድም ቀን አላየኋትም። ሽሮ ሜዳ ሸማ ትሸጣለች፣ ወልዳለች ሲሉ ሰማሁ። የመጀመሪያ ልጄ ኩፍኝ ሲይዘው ጎሜው መጣ አልኩ። ቤቲ ከዛፍ ስትወድቅ መጣ አልኩ። የባሌ እግር ሲያብጥ መጣ አልኩ። ከኦቾሎ ሙዝና ድንች ይዘው ገበያ የሚወርዱ ሰዎች ጋሽ ዳልኬ ደህና ነው ሲሉኝ፣ «እንኳን» እልና እቃዬን አነሣለሁ፣ እንደ ሌባ። እስከ ኦቾሎ እኮ የግማሽ ቀን መንገድ አይሞላም።

በዚያው ማክሰኞ ግን ከሽፈራው ሥር ተመልሼ ሁሉንም ለቤቲ ነገርኳት። መጀመሪያ ሣቀች፣ ቀጥሎ ሣቋን ተወች። ልጅ እናቱን እንደዚያ ሲያይ መጥፎ ነው።

«ሴትዮዋ በሕይወት አለች?»

«አለች ይላሉ።»

«እና ሠላሳ ዓመት ሙሉ ምን ስትጠብቂ ነው፣ እማዬ?»

ፍርሃት ነው ብላት፣ የምን ፍርሃት ትለኛለች። ያኔ ማንም አይነካውም ተብሎ ነበር። ዛሬ ደግሞ ልጄ ታደለች በሄደችበት መንገድ ልትወጣ ነው፤ የእኔን ዕዳ ተሸክማ አትወጣም አልኩ። ቤቲ የአዲስ አበባ ጉዞዋን ሁለት ቀን አዘገየች።

ሐሙስ ጠዋት ከሲቀላ ሚኒባስ ያዝን፣ ሽቅቡን በሞተር፣ የቀረውን በእግር ወጣን። ከመድረሳችን በፊት ከመንገድ ዳር እርጥብ ሣር ነጨሁ። ጋሽ ዳልኬ ደጁ ፀሐይ ላይ ተቀምጧል። አንድ ዓይኑ ጠፍቷል፣ ጥርሱ አልቋል፤ ድምፁ ግን ያው ገር ድምፅ ነው። መጀመሪያ ያየው ቤቲን ነበር።

«ይቺ ልጅ ማን ሞተባት?»

«ማንም አልሞተብኝም፣ አባባ። ለፊልም ነው።»

«አባትሽ ያውቃል?»

«ያውቃል። ሲያየኝ ሣቀብኝ።»

«እንግዲያው ምን አለ» አለና ወደ እኔ ዞረ። ተንበረከክሁ። ሣሩን እግሩ ሥር አድርጌ፣ ከቤት የወጡት ልጆችና ምራቶቹ እየሰሙ፣ ተናገርኩት። የታደለችን ፀጉር ከኋላ የቆረጥኩት እኔ ነኝ። ሦስት ጊዜ ስትጠይቁ ሦስት ጊዜ ሰማሁ፣ ዝም አልኩ።

ጋሽ ዳልኬ ወደ እኔ ጎንበስ አለ። «እናውቅ ነበር እኮ» አለ።

«ምን?»

«ከእሷ ጋር የምትውል ሌላ ማን ነበረ? ዓይንሽን ወደ ውኃው ስታዞሪ ያላየ ሰው አልነበረም።» ሣሩን አነሣው። «ሻንካን የገደለው ወባ ነው፤ ያኔም እናውቅ ነበር። እሱም ሥቆ ነበር አሉ ፀጉሯን ሲያይ። የጠየቅነው ለማወቅ አይደለም፣ ልጄ። ልጅቷ ብቻዋን እንዳትሸከመው ነው። ሁለት ብትሆኑ የልጅ ጨዋታ ነው ብለን እህታችንን ዝም እናሰኛት ነበር። አንድ ስትሆን ግን ምን እንበል?»

ምነው በበትር በመታኝ። መሬቱ ላይ እንደተደፋሁ ቀረሁ። ቤቲ ትከሻዬን ይዛለች፤ ፊቷን ማየት አልቻልኩም።

«ለእኔ መናገርሽ ጥሩ ነው» አለ ጋሽ ዳልኬ። «የነገሩ ባለቤት ግን እኔ አይደለሁም።» ከኮቱ ኪስ ትንሽዬ ስልክ አውጥቶ ለቤቲ ሰጣት። «ዓይኔ ፊደል አይለይልኝም፤ ታደለች የሚለውን ፈልጊና ደውይ።»

ጠራ። ቤቲ ስልኩን ጆሮዬ ላይ ስታደርገው ከወዲያ የሽመና እንጨት ይንኳኳል። «አጎቴ፣ ደህና አደርክ?» አለች። ድምፁ ወፍሯል፣ ግን እሷ ናት።

«አጎትሽ አይደለም። እኔ ነኝ፣ ታደለች። የሲቀላዋ አልማዝ።»

«አልማዝ» አለች። ማን አልማዝ አላለችም።

«ፀጉርሽን የቆረጥኩት እኔ እንደሆንኩ አሁን ለአጎትሽ ተናገርኩ። ሰው ሁሉ እየሰማ።»

«አሁን?»

«አዎ።»

የእንጨቱ ድምፅ ቆመ። ሰዎቹ ዝም እንዲሉ በእጇ ያመለከተች መሰለኝ። ይቅር በይኝ ልል አፌን ስከፍት ቀደመችኝ።

«ለቅሶው ላይ መሐል ነበርሽ አይደል?»

«ነበርኩ።»

«እኔ እንሰቱ ጋ ነበርኩ። ነፋሱ ወደ ወዲያ ይወስደው ነበር፤ ጩኸት እንጂ ቃል አልደረሰኝም። ለአባቴ ምን እንዳሉለት እስከ ዛሬ አላውቅም። ማንንም አልጠየቅኩም፤ አላስጠይቁኝም።» ትንፋሿ ይሰማኛል። «አንቺ ታስታውሻለሽ?»

ቃል በቃል ነበር የማስታውሰው። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ልረሳው ስታገል የኖርኩት እሱን አይደል? በጋሞኛ ጀመርኩላት፦ አክስቷ መጀመሪያ ያወጣችውን፣ ከሽመናው ጉድጓድ ውስጥ እግሩን ማን ያወጣዋል ያለችውን፣ ያላለቀውን ድር ማን ይጨርሰው ብለው ሴቶቹ የተቀበሉትን። ቶሎ ብዬ ልጨርሰው ተጣደፍኩ።

«ቀስ በይ» አለችኝ ታደለች። «አንዱንም ቃል እንዳትዘዪ።»